ልጄን ጎረቤት በጥፊ መታው፤ ላመስግን ወይስ ልክሰስ?

ከላይ ያለውን ጥያቄ ባለፈው ሰኞ ማታ በዚህ የውይይት መድረክ ላይ ያቀረብኩት እኔ ነኝ፤ እስከ ዛሬ ጠዋት 27 ምላሾች ተሰጥተውበታል። ዘግይተው የደረሱ ተወያዮች የውይይቱን ክር ከላይ እስከ ታች ለማንበብ ጊዜ እንዳጠራቸው ስለጻፉልኝ፣ የተባለውን በየተራው በራሴ አገላለጽ አስፍሬዋለሁ። ገለልተኛ ነኝ አልልም፤ የተመታው ልጅ የእኔ ነው።

መክፈቻው እንዲህ ነበር። አዲስ አበባ ውስጥ በአንድ ኮንዶሚኒየም ሦስተኛ ፎቅ ላይ እንኖራለን። የ11 ዓመት ልጄና የ9 ዓመት እህቱ ከብሎኩ ልጆች ጋር ታች መኪና ማቆሚያው ላይ ሲጫወቱ፣ ኳሱ የአንድ ጎረቤታችንን መኪና ስፖኪዮ ሰበረው። ባለመኪናው ወርደው ማንንም ሳይጠይቁ ልጄን ጆሮ ግንዱ ላይ በጥፊ መቱት። ባለቤቴ ለፖሊስ እናመልክት አለች። እኔ ግን አመነታሁ፤ ባደግኩበት ሰፈር ጎረቤት የመታው ልጅ ቤቱ ገብቶ ትንፍሽ አይልም ነበር፣ አባት ከሰማ መጀመሪያ ይደግመዋል፣ ቀጥሎም ሄዶ የመታውን ሰው ያመሰግናል። ስለዚህ ላመስግን ወይስ ልክሰስ ብዬ ጠየቅሁ። ዛሬ ወንዶች ልጆቻችን ስድ እየሆኑ የመጡት እንደ እኚህ ሰው ያለ ጎረቤት ስለጠፋ ይሆን እንዴ የሚል ሐሳብም ጨመርኩበት፤ ስጽፈው መልሱ አዎ ነው ወደሚለው አዘንብዬ ነበር።

የመጀመሪያውን ምላሽ የሰጡት አንድ አዛውንት ናቸው። እኔንም ልጁንም ከመረቁ በኋላ ጎረቤቱን እንዳመሰግን መከሩኝ። እርሳቸው ልጅ ሳሉ ማንኛውም የሰፈር ትልቅ ሰው ያገኘውን ልጅ ሱቅ የመላክ መብት ነበረው፤ መላክ የቻለ ደግሞ መቅጣትም ይችላል የሚል ነው መከራከሪያቸው። 2ኛው ምላሽ በአንድ ዓረፍተ ነገር ተስማማ። 3ኛው የቅጣት ዓይነቶችን በናፍቆት ዘረዘረ፤ ኩርኩሙን፣ ልምጩን፣ አለንጋውን፣ ጠጠር ላይ መንበርከኩን፣ በር ተዘግቶ በበርበሬ መታጠኑን ሁሉ አንስቶ፣ ይኸው ሰው ሆንን ብሎ ዘጋ። ሲታጠን አንዲት ጎረቤት በሩን እየደበደቡ ያስጣሉት እንደነበርም በጨዋታ መልክ ጠቅሷል፤ ያኔ ማናችንም ያን ልብ አላልነውም።

በ4ኛው ምላሽ የጤና ባለሙያ መሆናቸውን የገለጹ ሴት ናፍቆቱን አልወደዱትም። የበርበሬ ጭስ በተዘጋ ክፍል ውስጥ ዓይንንና የመተንፈሻ አካልን እንደሚጎዳ፣ አስም ያለበትን ልጅ ለሞት ሊያደርስ እንደሚችል፣ ጆሮ ላይ የሚያርፍ ጥፊም የጆሮ ታምቡር ሊቀድ እንደሚችል አስረዱ። ከምስጋናውም ከክሱም በፊት የልጁን ጆሮ እንዳስመረምር አሳሰቡኝ። አፈርኩ፤ በማግስቱ ወሰድኩትና ደኅና መሆኑን በ5ኛው ምላሽ አሳወቅሁ።

ክሩ ክብደት ያገኘው ከ6ኛው ምላሽ ጀምሮ ነው። ጸሐፊው የሕግ ባለሙያ ናቸው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 36 ሕፃናት በትምህርት ቤቶችና በማሳደጊያ ተቋማት ውስጥ አካልን ከሚጎዳና ኢሰብአዊ ከሆነ ቅጣት ነፃ የመሆን መብት እንዳላቸው ቢደነግግም፣ ድንጋጌው ስለ ቤት ውስጥ ቅጣት በስም እንደማይናገር አስታወሱ። የ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግም በአንቀጽ 576 ልጅን የማሳደግ ኃላፊነት ያለበት ሰው ልጁን ቢያንገላታ እንደሚያስቀጣ ይገልጽና፣ ሕጋዊ የሆነን የማረም መብት ግን ከዚያ ውጭ ያደርገዋል። ወላጅ እዚያች ቀዳዳ ሥር ሊጠለል ይሞክር ይሆናል፤ ጎረቤት ግን ወላጅም ሞግዚትም ስላልሆነ ድርጊቱ በሕጉ ቋንቋ እጅ እልፊት ነው። ይህን ካሉ በኋላ ለእኔ የማይጥም ነገር አከሉ፤ በፍትሐ ብሔር ሕጉ መሠረት ለአካለ መጠን ያልደረሰ ልጅ ላደረሰው ጉዳት ተጠያቂው አባቱ ስለሆነ፣ ስፖኪዮውን የምከፍለው እኔ ነኝ። ባለመኪናው በበኩላቸው ልጁን ለፖሊስ ቢከሱስ ለሚለውም ሥጋት፣ ሕጉ ከ9 ዓመት በታች ያለን ልጅ ጨርሶ በወንጀል እንደማይጠይቅ፣ ከ9 እስከ 15 ዓመት ያሉትንም እንደ ተግሣጽ፣ በትምህርት ቤት ወይም በቤት ተወስኖ መቆየትና በጠባይ ማረሚያ መግባት በመሳሰሉ ልዩ እርምጃዎች እንደሚያስተናግድ ጠቅሰው፣ በድንገት የተሰበረ መስታወት ግን ከነጭራሹ የወንጀል ጉዳይ አለመሆኑን ገለጹ።

7ኛው ምላሽ ቁጣ ነበር። ይህ ሁሉ ሕግ ከፈረንጅ የተቀዳ ነው፣ ልጅን አትንኩ የሚለውም ነገር የመጣው ከውጭ ነው፣ አገሩ ግን በአለንጋ ነው የተገነባው የሚል። የሕግ ባለሙያው በ8ኛው የሰጡት መልስ ለእኔ ከክሩ ሁሉ ያልጠበቅሁት ነው። የ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ወጣት ጥፋተኞች በዱላ እንዲቀጡ ይፈቅድ ነበር፤ የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግም አሳዳሪው በልጁ ላይ ቀላል የሰውነት ቅጣት መፈጸም እንደሚችል በግልጽ ይናገር ነበር። የመጀመሪያውን ያረቀቁት ስዊዘርላንዳዊው ዣን ግራቨን ሲሆኑ፣ የሁለተኛው አርቃቂ ፈረንሳዊው ሬኔ ዳቪድ ናቸው። ያን የሰውነት ቅጣት የሚለውን ሐረግ አስወጥቶ፣ አስፈላጊውን የሥነ ሥርዓት እርምጃ ይወስዳል በሚል አገላለጽ የተካው የ1992ቱ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ደግሞ እዚሁ አዲስ አበባ የተዘጋጀ ነው። ስለዚህ ዱላውን ሕግ ውስጥ የጻፉት ፈረንጆች፣ ያወጡት እኛ ነን ብለው ዘጉ። የ7ኛው ጸሐፊ ከዚያ በኋላ አልተመለሱም።

9ኛውን ምላሽ ሦስት ጊዜ አንብቤዋለሁ። ጸሐፊው መንዝ ውስጥ በእረኝነት ያደጉ ናቸው። የስምንት ዓመት ልጅ ሳሉ አንድ ቀን እንቅልፍ ጥሏቸው በሬዎቹ ከጎረቤት የገብስ ማሳ ገቡ። ሽማግሌ ተጠርቶ የተበላው ተገመተ፣ አባታቸውም አዝመራው ሲገባ እንዲከፍሉ ተወሰነባቸው። ልጁ ከብቶቹን በረት አስገብቶ ራሱ ግን ቤት አልገባም፤ በጨለማ ወደ ክርስትና እናቱ ቤት ሄደ። እርሳቸውም ምንም ሳይጠይቁ ቆሎ አቅርበው፣ አጠገባቸው አስተኝተው አሳደሩት። ሲነጋ በነጠላቸው ሸፍነው ወደ አባቱ ይዘውት ሄዱ። አባት ልምጩን ይዘው ደጃፍ ላይ ቆመው ነበር። ክርስትና እናት መካከል ገቡ፤ ልምጩ ሁለት ሦስቴ ልጁን ጫፍ ጫፉን ካገኘው በኋላ ስለ ማርያም ሲሉ ለመኑ፣ አባትም ጣሉት። የምላሹ ጸሐፊ አባት ከሆኑ በኋላ አንድ ነገር እንደገባቸው ይናገራሉ፤ አባታቸው ያን ጠዋት ደጃፍ የቆሙት ልጁን ፍለጋ ሳይሆን፣ ክርስትና እናቲቱ የሚመጡበትን መንገድ እያዩ ነበር።

10ኛውና 11ኛው ምላሾች ከዚሁ ጋር ተያያዙ። አንደኛው ከጎጃም የመጡ የቀድሞ የቆሎ ተማሪ ናቸው። የኔታ አለንጋቸውን ከመቀመጫቸው ሥር እንደማያርቁ፣ ትምህርት ጥሎ የጠፋ ልጅ ተይዞ ሲመጣ እግር ብረት ይገባለት እንደነበረ ገለጹ፤ ብረቱ የሚፈታው ደግሞ ጓደኞቹ ተሰልፈው ይቅር ይበሉት ብለው ሲማጸኑ ነው። ሌላው ወሎ ውስጥ ቁርአን ቤት የተማሩ ናቸው፤ ሉሑን፣ ማለትም የእንጨት ሰሌዳው ላይ የተጻፈለትን፣ ያላጠና ልጅ የሚደርስበትን ገልጸው፣ አማላጇ ብዙ ጊዜ የሸኹ ባለቤት እንደነበሩ ጻፉ። ሁለቱ በመግባባት ቀጥለው ስለ ተማሪ ቤት ምግብ ጥቂት ተጨዋወቱ፤ ያን ልለፈው።

12ኛው ምላሽ ክሩን አደፈረሰው። ጸሐፊው ዛሬ የሚታየው ብልግና ሁሉ አባት በሌለበት ቤት ከሚያድጉ ወንዶች የሚመጣ መሆኑን ያለ አንዳች ማስረጃ ተናግረው፣ «ሴት ያሳደገው» የሚለውን ስድብ እንደ ማብራሪያ ተጠቀሙበት። 13ኛዋ መላሽ ሁለት ወንዶችን ብቻቸውን ያሳደጉ እናት ናቸው፤ የጻፉት ጠንካራ ነው። ያ ስድብ ስንት እናት ልጇን ከልክ በላይ እንድትመታ እንዳደረገ ያውቁ እንደሆነ ጠየቁ። እርሳቸው ራሳቸው የበኩር ልጃቸውን የመቱት ባጠፋው ልክ ሳይሆን፣ ጎረቤት አሳዳጊ የበደለው እንዳይለው ፈርተው እንደነበር፣ ልጁም ይህን እያወቀ እንዳደገ ጻፉ። ከዚያ በኋላ የ12ኛውን ጸሐፊ አባት ማን እንዳሳደጋቸው የሚመለከት አንድ መስመር ነበረበት፤ የመድረኩ አወያይ በ14ኛው ምላሽ መስመሩን አንስተው ሁለቱንም ወገኖች አስጠነቀቁ። አወያዩ ትክክል ናቸው፤ መስመሩ ግን ጥሩ ነበር።

15ኛውን የጻፉት የመንግሥት ትምህርት ቤት ዩኒት ሊደር ናቸው። አንድ ክፍል ውስጥ ከ60 የማያንሱ ተማሪዎች ተጨናንቀው እየተቀመጡ፣ መመሪያው ዱላውን ወስዶ በምትኩ ምንም እንዳልሰጣቸው አማረሩ። ወላጅ አምጣ ቢባል ልጁ ከመንገድ አንድ ሰው ለምኖ አጎቴ ነው ብሎ ይመጣል። የመጣው ወላጅ እውነተኛ ሲሆን ደግሞ ቢሮው ውስጥ ቀበቶውን ፈትቶ እዚያው ይጀምራል፤ ከዚያ የወላጁን እጅ ይዘው የሚለምኑት እርሳቸው ናቸው። 16ኛው ምላሽ የቀድሞ ተማሪ ነው፤ ሌላ ትምህርት ቤት የነበሩ አንድ ዩኒት ሊደር በጠዋት ሰልፍ ላይ ፀጉሩን ያሳደገን ወንድ ሁሉ መሐል አናቱን በመቀስ መስመር አውጥተው ይለቁት እንደነበር አስታወሰ። የጎማው ግርፋት ይረሳል፣ ያቺ መስመር ግን ሴቶቹ እያዩ እስክትላጭ ድረስ አትረሳም ሲል ጻፈ። በልቤ የተስማማሁት ከእርሱ ጋር ነው። እኔም በ9ኛ ክፍል ያቺን መስመር ይዤ ሁለት ፌርማታ በእግሬ ሄጃለሁ።

17ኛው መላሽ ወሬው ሁሉ ትዝታ ብቻ እንዳይሆን ብለው ጥናት ጠቀሱ። ያንግ ላይቭስ የተባለው፣ ኢትዮጵያን፣ ሕንድን፣ ፔሩንና ቬትናምን ያካተተው የረጅም ጊዜ ጥናት በአገራችን የ8 ዓመት ልጆችን ሲጠይቅ፣ ሦስት አራተኛ ያህሉ ባለፈው አንድ ሳምንት ውስጥ መምህር ተማሪ ሲመታ ማየታቸውን ተናግረዋል። በአራቱም አገሮች ወንዶች ከሴቶች ይልቅ ተመቺ ሆነው ተገኝተዋል። ልብ በሉ፣ ሕገ መንግሥቱ ትምህርት ቤት ውስጥ መምታትን የከለከለው በ1987 ዓ.ም. ነው፤ እነዚህ ልጆች የተወለዱት ከዚያ በኋላ ነው።

ከዚያ ውጭ አገር ያሉት ገቡ። ስቶክሆልም የሚኖሩ አባት በ18ኛው ምላሽ ስዊድን በ1979 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ልጅን መምታት ቤት ውስጥም ጭምር በመከልከል ከዓለም የመጀመሪያዋ መሆኗን፣ ክልከላው የተጻፈው በወላጆች ሕግ ውስጥ እንደሆነና ያ ድንጋጌ ራሱ ቅጣት እንደሌለው አስረዱ። እርሳቸውን የከበዳቸው ሕጉ ሳይሆን፣ አለንጋው ከእጃቸው ሲወጣ በምን ቋንቋ እንደሚያናግሩ አለማወቃቸው ነበር፤ ለአንድ ዓመት ያህል ልጃቸው ሲያጠፋ ዝም ይሉት እንደነበርና ልጁም ያን ዝምታ ከዱላ የባሰ እንደቆጠረው ጻፉ። የሜሪላንዱ መላሽ በ19ኛው አሜሪካ ውስጥ ልጅን በጥፊ የነካ ወላጅ በቀጥታ እስር ቤት እንደሚገባ ተናገሩ፤ 20ኛው አረማቸው። በሁሉም ግዛቶች ወላጅ መጠነኛ የሆነ የማረም ኃይል ቢጠቀም ሕጉ ይታገሠዋል። እንዲያውም ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1977 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በትምህርት ቤት መምታት ሕገ መንግሥቱን አይጥስም ብሎ ስለወሰነ፣ በደቡብ ካሉት ግዛቶች በአንዳንዶቹ ዛሬም ርዕሰ መምህር በእንጨት ሰሌዳ ተማሪ ይመታል፤ እዚያም የሚበዙት ተመቺዎች ወንዶች ናቸው። ሜሪላንዱ ሰው ስልካቸውን ይዘው በ911 ያስፈራሯቸው የነበሩት የራሳቸው ልጆች መሆናቸውን በማመን ነገሩን በሳቅ አለፉት።

21ኛው ምላሽ የእኔን መክፈቻ ያፈረሰው ነው። ጸሐፊዋ ወደ 3ኛው፣ ወደ 9ኛው፣ ወደ 10ኛውና 11ኛው ምላሾች እየመለሱን አንድ ነገር አሳዩን፤ በእያንዳንዱ ታሪክ ውስጥ ከመቺውና ከተመቺው ሌላ ሦስተኛ ሰው አለ። በር የሚደበድቡት ጎረቤት፣ ነጠላ የሚያለብሱት ክርስትና እናት፣ የተሰለፉት የቆሎ ተማሪዎች፣ የሸኹ ባለቤት። አባት ልምጩን ሲያነሳ ገላጋይ እንደሚመጣ ያውቃል፣ ስለዚህ ከልቡ መቆጣት ይችላል፤ ልጁም ያውቃል፣ ስለዚህ ጮክ ብሎ ያለቅሳል፤ ጩኸቱ መጥሪያ ነውና። እኔ ጠፋ ብዬ የተመኘሁት መቺውን ጎረቤት ነው፤ እርሳቸው እንደሚሉት የጠፋው ግን ገላጋዩ ጎረቤት ነው። ኮንዶሚኒየም ስንገባ ቀበቶው ከዕቃው ጋር ተጭኖ መጣ፣ ገላጋይ ግን ታች ሰፈር ቀረ። ባለመኪናው መኪና ማቆሚያው ላይ ልጅ ሲመቱ በድሮው ሰፈር አሥር ሴቶች በአንድ ጊዜ እጃቸውን ይይዟቸው ነበር፤ እዚህ ግን ልጆቹ ብቻ ቆመው አዩ። ቀጥለውም ስለ ራሳቸው ጻፉ። ባለፈው ክረምት ከላያቸው ካለው ፎቅ የአንድ ወንድ ልጅ ለቅሶ ሰምተው በነጠላ ጫማ እስከ ደረጃው መሐል ወጡ፤ የሰው ቤት ነው ብለው አስበው ቆሙ፣ ከዚያም ተመልሰው ገብተው የቴሌቪዥኑን ድምፅ ጨመሩ።

ለዚህ ለረጅም ሰዓታት ማንም አልመለሰም።

22ኛው ምላሽ ከየትም ያልተጠበቀ አንድ ጥያቄ ብቻ ነበር፤ ለመሆኑ ኳሱን የመታው ማን ነው? እውነቱን ለመናገር እኔም የጠየቅሁት ጥያቄው ከቀረበ በኋላ ነው። ወደ ልጆቹ ክፍል ገብቼ ጠየቅሁ፤ ኳሱን የመታችው እህቱ ናት። ልጄ ለሦስት ቀን አልተናገረም፤ ሲጠየቅም ወንድ ልጅ አያቃጥርም አለኝ። ይህን በ23ኛው ምላሽ አስፍሬ፣ ባለመኪናው ከስድስት ልጆች መካከል እርሱን የመረጡት በዕድሜም በቁመትም ትልቁ ወንድ ስለሆነ መሆኑን ጨመርኩ። አዛውንቱ የ1ኛው ምላሽ ጸሐፊ በ24ኛው ተመልሰው መጡ፤ ልጁ ጨዋ ነው፣ ያሳደገው ይመስገን ብለው እኔን መረቁኝ። ምርቃቱን እንዴት እንደምቀበለው አላወቅሁም።

25ኛዋ መላሽ ግን ሴቶች ልጆች አይቀጡም የሚል መደምደሚያ እንዳይወሰድ አስጠነቀቁ። እርሳቸውና ወንድሞቻቸው አብረው ሲያጠፉ ወንዶቹ በግልጽ ይገረፋሉ፣ ማታ ግን ተመልሰው ሜዳ ላይ ናቸው። እርሳቸው የሚቆነጠጡት ጭናቸውን ነበር፣ ቀሚስ የሚሸፍነውን ቦታ፤ ከዚያም ለወራት ደጅ መውጣት ይከለከሉ ነበር። ለጭን ቁንጥጫ ገላጋይ አይመጣም፣ ድምፅ የለውምና። ይህ ራሱን የቻለ ክር ይገባዋል፤ እርሳቸው ቢከፍቱት እኔ እሳተፋለሁ።

26ኛው ምላሽ ስለ ስፖኪዮ ነው። አዲሱን ከመግዛቴ በፊት ሶማሌ ተራ ጎራ እንድል፣ ነገር ግን የምገዛው ስፖኪዮ ትናንት ከሌላ ሰው መኪና የተነቀለ አለመሆኑን እንዳጣራ መከሩኝ። ምክሩን ተቀብያለሁ።

ትናንት ማታ የብሎካችንን ኮሚቴ ሰብሳቢ፣ አንድ ጡረታ የወጡ ሰው፣ ገላጋይ እንዲሆኑ ለምኜ ከሁለቱ ልጆቼ ጋር ወደ ጎረቤታችን ቤት ሄድኩ። ገንዘቡን አስቀመጥኩ፤ እርሳቸውም በጥፊው ማፈራቸውን በጨዋ ቃል ተናገሩ፣ ቡናም ቀረበ። ከዚያ ልጄ እጁን ኪሱ ከትቶ እንደቆመ፣ እህቱ ማንም ሳይጠይቃት ኳሱን የመታሁት እኔ ነኝ አለች። ጎረቤታችን ሳቁ። እጃቸውን ዘርግተው ራሷን ዳበሱና፣ አይዞሽ፣ ጎበዝ ተጫዋች ነሽ ማለት ነው አሏት። ሰብሳቢውም ሳቁ፣ እኔም አብሬ ሳቅሁ።

27ኛው ምላሽ ዛሬ ጠዋት የገባ ሲሆን፣ ይህን ሲያይ ልጁ ምን አለ የሚል ነው። ምንም አላለም። ስንወጣ ደረጃው ላይ ኳሱን ለእህቱ ሰጥቷት ቀድሞን ወደ ላይ ወጣ።